«የድሮው የኬንታኪ ቤቴ» ከደርቢው ይውጣ ወይስ ይቆይ?

እናት፣ ከሉዊቪል፦
ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ። ባለፈው ሳምንት ልጄ ሳህን እያደረቀች «የድሮው የኬንታኪ ቤቴ»ን ስታንጎራጉር ሰማኋት። የግዛታችን የኬንታኪ መዝሙር ስለሆነ የመጀመሪያውን አንጓ በትምህርት ቤት ተምራዋለች። በሜይ የመጀመሪያ ቅዳሜ፣ ደርቢ በሚባለው የከተማችን ታላቅ የፈረስ ውድድር፣ ፈረሶቹ ወደ ሜዳው ሲወጡ፣ ሕዝቡ ቆሞ የሚዘምረውም ይኸው ነው። «ስለ ምን ያወራል?» ብላት «ስለ አገር ናፍቆት» አለችኝ። ያልተማረቻቸውን ሁለት አንጓዎች ፈልጌ ከመጀመሪያው ጋር አነበብኩ። ሰውየው ባሪያ ነው። ክፉ ቀን በሩን አንኳኳ፣ እርሱም ወደ ደቡብ፣ ወደ ሸንኮራ አገዳው እርሻ ተነዳ። እዚያ አንገት ይደፋል፣ ጀርባ ይጎብጣል፣ ጥቂት ቀን ቀረኝ እያለ ሞቱን ይቆጥራል። «ተሸጠ» የሚል ቃል የለበትም፤ የዚያን ጊዜ ሰሚ ግን አይስተውም። ይህ በፈረስ ውድድር ሜዳ ምን ይሠራል? እኔ መቅረት አለበት እላለሁ።

የሙዚቃ መምህር፦
እህቴ፣ ያነበብሽው ልክ ነው፤ ፍርድሽ ግን ፈጠነ። ደራሲው ስቲቨን ፎስተር ዘፈኑን ያሳተመው በ1853 ነው፤ ስለ ባሪያው ቶም የሚተርከው የሃሪየት ቢቸር ስቶው ፀረ ባርነት ልብ ወለድ «የአጎት ቶም ጎጆ» በመጽሐፍ ወጥቶ አሜሪካን ባመሰ ማግስት። የመጀመሪያ ረቂቁ «ደህና እደር፣ ምስኪኑ አጎት ቶም» ይል ነበር፤ በኋላ ቶም ወጣ፣ ኬንታኪ ገባ። ከባርነት ያመለጠው ፍሬድሪክ ዳግላስ ራሱ በ1855 ይህን ዘፈን በስሙ ጠርቶ፣ እንዲህ ያሉ ዜማዎች ለባሪያው ርኅራኄን ይቀሰቅሳሉ፣ የፀረ ባርነት ሐሳብም በዚያ ሥር ይሰዳል ብሏል። ይህ ሙሾ ነው። ሙሾ አይከለከልም።

የታሪክ አንባቢ፦
መምህር፣ ዳግላስን ከጠሩ ሌላውንም ቃሉን ይጥሩ። በ1848 በገዛ ጋዜጣው፣ ፊታቸውን አጥቁረው የሚዘፍኑትን ነጮች ተፈጥሮ የነፈገቻቸውን የቆዳ ቀለም ከእኛ ሰርቀው ይነግዱበታል ሲል አውግዟቸዋል። ይህንንስ ዘፈን በመድረክ ያዞሩት እነማን ሆኑና? በተቃጠለ ቡሽ ፊታቸውን የቀቡ፣ ክሪስቲ የተባለ ነጭ የሚመራቸው ዘፋኞች ናቸው። እኛን በተለይ የሚቆጠቁጥ ነገር አለ፦ ያን ጨዋታ ይጠሩት የነበረው «ኢትዮጵያዊ» እያሉ ነው። «የኢትዮጵያ ሴሬናደሮች» የተባሉ ነጮች በ1844 በዋይት ሐውስ ሳይቀር ተጫውተዋል። ፎስተርም በ1852 ለክሪስቲ በጻፈው ደብዳቤ «የኢትዮጵያን ሥራ» ያለ ፍርሃትና ያለ ኀፍረት እገፋበታለሁ ይላል። ስማችን እንደ ጥቀርሻ ፊት ላይ ተቀብቶ ገበያ ወጥቷል።

ፊሊስ ዊትሊን አስቡ። በልጅነቷ ከአፍሪካ ተወስዳ ቦስተን ላይ የተሸጠች ገጣሚ ናት። በ1773 በታተመው መድበሏ የሃርቫርድን ተማሪዎች ከኃጢአት ስታስጠነቅቅ «ይህን የምትነግራችሁ ኢትዮጵያዊት ናት» ትላቸዋለች። ያው ስም ነው፤ በባለቤቱ አፍ ሲነገር ግን እንዴት ቀና ብሎ ይቆማል! ጥቁር አሜሪካዊቷ ገጣሚ ፍራንሲስ ሃርፐርም በ1858 ባሪያ በሌለበት ምድር ቅበሩኝ ብላ ገጥማለች። ሙሾ ከተፈለገ የሟቹ ወገን ያወረደው አለ።

የፈረስ ውድድር ወዳጅ፦
ዘፈኑ ውስጥ የነበረውን ጥቁሮችን የሚያዋርድ ቃል የግዛቲቱ ምክር ቤት በ1986 አውጥቶ «ሰዎች» በሚል ተክቶታል። ነገሩ በዚያ አልቋል። እኔ በዚያ ሜዳ ቆሜ ስዘምር እናቴን አስታውሼ አልቅሻለሁ። ይህን ማንም እንዲወስድብኝ አልፈልግም።

እናት፣ ከሉዊቪል፦
ወንድሜ፣ የእናትህን ናፍቆት አልነካብህም፤ እኔም የእናቴን አገር ከተለየሁ ብዙ ዘመኔ ነው። ግን አስተውል። በሜዳው የሚዘመረው የመጀመሪያው አንጓና አዝማቹ ብቻ ነው፦ በጋው፣ የበሰለው በቆሎ፣ ወፎቹ። ያ ስድብ ሲወጣ ዘፋኙ ማን እንደሆነ የሚናገር የመጨረሻው ምልክት አብሮ ወጣ። ስድቡ ይመለስ አልልም፤ እንዲያ ካለ ሞት ይሻላል። ግን አሁን ልጄ የምትዘፍነው የማን ቤት ነው? በ1875 የመጀመሪያው ደርቢ ሲካሄድ ከ15ቱ ጋላቢዎች 13ቱ ጥቁሮች ነበሩ፤ ያሸነፈው ኦሊቨር ሉዊስም ጥቁር ነበር፤ ፈረሱን ያሠለጠነው አንሰል ዊልያምሰን በባርነት የተወለደ ሰው ነው። እነዚህን ሰዎች ለልጄ ማንም አልነገራትም።

የሙዚቃ መምህር፦
ይህን እቀበላለሁ። ስለዚህ ይቅር ሳይሆን ሦስቱም አንጓዎች ይዘመሩ።

የታሪክ አንባቢ፦
በውርርድ ቲኬትና በሚያማምሩ ባርኔጣዎች መካከል? አይሆንም፣ መምህር። ሞቱን የሚጠብቅን ሰው ለፈረስ ሰልፍ ማጀቢያ ማድረግ ሙሉውን ሲዘምሩት ይብሳል እንጂ አይሻልም።

እናት፣ ከሉዊቪል፦
እኔ ዛሬ ማታ ሦስተኛውን አንጓ ለልጄ ላነብላት ነው። መምህር፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎት፤ የአገዳው እርሻ ሲመጣ ዜማው ይለወጣል?

የሙዚቃ መምህር፦
አይለወጥም። ወፎቹ የተዘመሩበት ያው ዜማ ነው።