የላክስተን ጉዞ፦ ረቂቁን አብረን እናስተካክል

ጸሐፊ፦ የማኅበራችን የኖቲንግሃም አባላት፣ ወጣቶቹን ወደ አንድ የእንግሊዝ ገጠር እንውሰዳቸው ባላችሁት መሠረት የጉዞው ዕቅድ ረቂቅ ይኸው። «መድረሻ፦ ላክስተን፣ ኖቲንግሃምሻየር። ዓላማ፦ ጥንታዊውን ያልታጠረ የእርሻ ሥርዓት መጎብኘት።» በ18ኛውና በ19ኛው ክፍለ ዘመን የአገሩ የጋራ ማሳ በአጥር እየተከፋፈለ ሲያልቅ፣ እዚህ ሦስቱ ትልልቅ ማሳዎች፣ ዌስት ፊልድ፣ ሚል ፊልድና ሳውዝ ፊልድ፣ እስከ ዛሬ ይታረሳሉ።

ገንዘብ ያዥ፦ ዓላማው ደረቅ ነው። «መጎብኘት» ብቻ ከሆነ ልጆቹ ስልካቸውን እያዩ ሄደው ስልካቸውን እያዩ ይመለሳሉ። ለዚህ የማኅበሩን ገንዘብ አላወጣም። ምን ያያሉ?

የሽማግሌዎች ተወካይ፦ ልጄ፣ ጎጃም ሞፈር ጨብጬ ያደግሁ ሰው ልንገርህ። የላክስተን ገበሬ መሬቱ አንድ ቦታ አይደለም፤ ጠባብና ረጅም እየሆነ በየማሳው ተበታትኗል። በእርሱና በጎረቤቱ መካከል አጥር የለም። አንዱ ማሳ ስንዴ ሲዘራበት ሌላው የጸደይ አዝመራ ይይዛል፤ ሦስተኛው በተራው ያርፋል። ታዲያ ድንበሩን ማን ይጠብቃል? በፈረንጆቹ ኅዳር መጨረሻ አካባቢ ከገበሬዎቹ መካከል የተመረጡ ዳኞች ስንዴ የተዘራበትን ማሳ በእግራቸው ይዞራሉ። ችካል ይመታሉ፤ ማረሻው መንገድ ወይም የጋራ ሣር የነካበትን ሰው መዝግበው ይቀጡታል። ከሳምንት በኋላ ኮርት ሊት የሚባለው የመንደር ችሎት ተቀምጦ ጉዳዩን ያያል፤ ለከርሞ የሚዞሩትንም ይሰይማል። ድንበር መግፋት እኛ ዘንድ ስንት ደም አፋሷል! ልጆቹ ይህን ይዩ።

ጸሐፊ፦ ጋሼ፣ ይህ ወደ ዓላማው ይገባል።

የእናቶች ክፍል፦ እንግዲያው በዳኞቹ ቀን እንሂድ። ቤተ ክርስቲያናቸውም የመላእክት አለቃ የቅዱስ ሚካኤል ነው፤ ቀኑ ከኅዳር ሚካኤል ብዙ አይርቅም።

ጸሐፊ፦ እትዬ፣ ቀኑ ሐሙስ ላይ ስለሚውል ልጆቹ ትምህርት ቤት ናቸው። ለገበሬዎቹም የሥራ ቀን እንጂ ትርኢት አይደለም፤ አዲስ የተዘራ ስንዴ ላይ አውቶቡስ ሙሉ ሰው ማውረድ ነውር ነው። የሰኔ ቅዳሜ ይሻላል።

የወጣቶች ተወካይ፦ ሰኔን እደግፋለሁ። በ1635 ማርክ ፒርስ የተባለ ቀያሽ የሠራው የመንደሯ ካርታ አለ፤ ዋናው ኦክስፎርድ፣ ቦድሊያን ቤተ መጻሕፍት ይገኛል። እያንዳንዱ ቁራሽ መሬት ተለይቶ ተሥሏል፤ መሬቱ ላይ የሚያርሱና የሚያጭዱ ትንንሽ ሰዎች አሉበት። ቅጂውን አትመን ለየቡድኑ እንስጥ፤ የትኛው መንገድ ዛሬም እንዳለ እየሄዱ ይፈልጉ። ስልክ አውቶቡስ ውስጥ ይቀራል።

ገንዘብ ያዥ፦ አሁን ገባኝ። ባለቤቱ ማን ነው? ፈቃድ ያስፈልገናል?

ጸሐፊ፦ የመሬቱ ባለቤት የነበሩት መኳንንት ኧርል ማንቨርስ በ1952 ለግብርና ሚኒስቴር ሸጡት፤ በ1981 ወደ እንግሊዝ ዘውድ ንብረት አስተዳደር ዞረ፤ ከ2020 ወዲህ ቶርስቢ የሚባለው የግል ርስት ይዞታ ነው። ለሕዝብ በተፈቀደው የእግር መንገድ ብቻ ስለምንሄድ ፈቃድ አያሻንም። የተሻሻለው ዓላማ፦ «ገበሬዎች ድንበራቸውን ራሳቸው የሚዳኙባትን መንደር በ1635 ካርታ እየተመሩ በእግር መዞር፤ በምሳ ሰዓት ከአባቶች ስለ አገር ቤት የወሰን ዳኝነት መስማት።»

የሽማግሌዎች ተወካይ፦ «ከአባቶችና ከእናቶች» በል። የባሏን ድንበር ያስከበረች ስንት ሴት አለች።

ጸሐፊ፦ ተስተካክሏል።

ገንዘብ ያዥ፦ የአውቶቡስ ዋጋ እጠይቃለሁ። ቦት ጫማ የሌለው ልጅ ካለ እስከ እሑድ አሳውቁኝ።