ባሕር፣ ጦርነትና የዕድል መገለባበጥ ያለበት መጽሐፍ ጠቁሙኝ

ጠያቂ፦ ሰላም ቤተሰብ! መርከብና ጦርነት ያለበት፣ ገናና የነበረ ሕዝብ እንዴት እንደሚወድቅ የሚያሳይ መጽሐፍ እፈልጋለሁ። ልብ ወለድ ባይሆን ደስ ይለኛል።

መልስ 1፦ የጥንቱ ግሪካዊ የታሪክ ጸሐፊ ቱኪዲደስ ስለ አቴንስና ስፓርታ ጦርነት የጻፈውን አንብብ ወንድሜ። አቴንሶች ከክርስቶስ ልደት በፊት በ415 ወደ ሲሲሊ ሲዘምቱ ወደቡ ላይ መለከት ይነፋል፣ ሁሉም ጸጥ ይላል፣ ከዚያ በወርቅና በብር ዋንጫ ወይን እያፈሰሱ ይጸልያሉ፤ መርከቦቹም እስከ ኤጊና ደሴት ይሽቀዳደማሉ። በሁለት ዓመት ውስጥ ያ ሁሉ ሠራዊት አለቀ።

መልስ 2፦ እኔን ያስለቀሰኝ ከዚያ የአቴንስ ሠራዊት የተማረኩት ሰዎች ነገር ነው። ከ7,000 የማያንሱ ሰዎች ሲሲሊ ባለችው በሲራኩስ ከተማ ውስጥ ድንጋይ ካባ ጉድጓድ ውስጥ ታጎሩ። ቀን ፀሐይ፣ ሌሊት ብርድ፣ የሞቱት ደግሞ እዚያው አጠገባቸው ተከምረው።

መልስ 1፦ ጸሐፊው ራሱም የጦር አዛዥ ነበር እኮ። አምፊፖሊስ የተባለችውን ከተማ ሳያድን ስለቀረ 20 ዓመት ተሰደደ። ስደቱ የሁለቱንም ወገን ነገር ለማየት እንደጠቀመው ራሱ ጽፏል።

ጠያቂ፦ በጣም አመሰግናለሁ! በቀጥታ ሲሲሊው ላይ ልግባ?

መልስ 2፦ አይ፣ ከመጀመሪያው ጀምር። የአቴንስን ወረርሽኝ ከዘለልክ ይቆጭሃል፤ ጸሐፊው ራሱም በዚያ ታሞ የዳነ ሰው ነው።