በሰርቢያ ዘውዱ በሰንደቅ ዓላማው ላይ እያለ ዘውድ ደጋፊ ፓርቲዎች ለምን አልጠነከሩም?

ጥያቄ፦ የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ሰላም ለሁላችሁ ይሁን። ከጓደኞቼ ጋር በምናካሂደው የታሪክ ውይይት ላይ ስለ ሰርቢያ ዘውድ ደጋፊ ፓርቲዎች እንዳቀርብ ተራ ደርሶኛል። የውጭውን ዘመን በአውሮፓ አቆጣጠር፣ የአገራችንን ደግሞ በእኛ አቆጣጠር እንድንጽፍ እጠይቃለሁ።

ርዕሱን የመረጥኩት ያለ ምክንያት አይደለም። እኛ ወሎዎች ዘውድ እንዴት እንደሚወድቅ ከማንም በላይ ቀርበን ያየን ሕዝብ ነን። በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. የደረሰብን ረሀብና የዚያ ረሀብ መደበቅ መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን እንዲወርዱ ካደረጉት ምክንያቶች አንዱ ነበር። አልጋ ወራሹ መርዕድ አዝማች አስፋ ወሰንም ለብዙ ዓመታት የወሎ ጠቅላይ ግዛት ገዥ ነበሩ። ስለዚህ ዘውዱ የወደቀበት ሌላ አገር ከወደቀ በኋላ ምን እንዳደረገበት ለማወቅ እጓጓለሁ።

ግራ ያጋባኝ ነገር ይህ ነው። የሰርቢያ መንግሥት ዓርማ ሁለት ራስ ያለው ነጭ ንስር ነው፤ ከንስሩ ራሶች በላይ የንጉሥ ዘውድ ተቀምጧል። የአገሪቱ መዝሙር የንጉሡ ዘመን መዝሙር ነው። የኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያኑ አባቶች ዘውዱን ሲደግፉ ተሰምተዋል፤ የንጉሡ ቤተሰብም በቤልግሬድ ቤተ መንግሥት ይኖራል። ይህ ሁሉ ባለበት አገር ዘውድን ዋና ዓላማው ያደረገ ፓርቲ በምርጫ ይህን ያህል የተዳከመው ለምንድን ነው? የፓርቲዎቹ ጥፋት ነው ወይስ ሕዝቡ ዘውዱን ከልብ አይፈልገውም?

መልስ፦ ከቦርከና ማዶ (ኮምቦልቻ)

ጥያቄህ ተገቢ ነው። ታሪክ አስተምራለሁና ከፓርቲዎቹ አመጣጥ ብጀምር ይሻላል።

ከኮሚኒስቱ ዘመን በኋላ ዘውዱን ወደ ፖለቲካው አደባባይ ያወጣው የሰርቢያ ተሐድሶ ንቅናቄ ነው። በ1990 ደራሲው ቩክ ድራሽኮቪች መሠረተው። በዚያው ዓመት በተደረገው የመጀመሪያው የመድብለ ፓርቲ ምርጫ ከ250 የምክር ቤት መቀመጫዎች 19 አገኘ። መጋቢት 9 ቀን 1991 ንቅናቄው የጠራው ታላቅ ሰልፍ በቤልግሬድ ደም ፈሶበት፣ የወቅቱ የሰርቢያ መሪ የስሎቦዳን ሚሎሼቪች መንግሥት ታንክ ወደ ጎዳና እስኪያወጣ ድረስ አደረሰው። የመጨረሻው ንጉሥ የጴጥሮስ ሁለተኛ ልጅ አልጋ ወራሹ አሌክሳንደር በዚያው ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ አገሩን ሲጎበኝ እጅግ ብዙ ሕዝብ ተቀበለው። እንግዲህ ልብ በል፦ ያ ሁሉ ሕዝብ ዘውድ ፈልጎ ብቻ የወጣ አልነበረም። ሚሎሼቪችን የጠላ ሁሉ የተሰባሰበው በዚያ ዓርማ ሥር ነበር። ዘውዱ በዚያ ጊዜ የተቃውሞ ምልክት ሆኖ አገለገለ እንጂ፣ እንደ መንግሥት ቅርጽ ተመዝኖ የተመረጠ አልነበረም።

ፓርቲው በ1997 ምርጫ 45 መቀመጫ ድረስ ወጣ፤ ከሌሎቹ ተቃዋሚዎች ብዙዎቹ በዚያ ምርጫ አልተሳተፉም። ከዚያ በኋላ ግን ነገሩ ተበላሸ። ድራሽኮቪች በ1999 መጀመሪያ ከሚሎሼቪች ጋር ሰርቢያ ያኔ በነበረችበት በዩጎዝላቪያ ፌዴራል መንግሥት ውስጥ ምክትል ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኖ ገባ፤ ብዙም ሳይቆይ ተሰናበተ። በ2000 ተቃዋሚው ሁሉ በአንድ ዕጩ ሲተባበር እርሱ ከኅብረቱ ውጭ ቆመ፤ በዚያው ዓመት መጨረሻ በተደረገው የምክር ቤት ምርጫም ፓርቲው አንድ መቀመጫ እንኳ ሳያገኝ ቀረ። ሚሎሼቪችን ለአሥር ዓመት የታገለ ፓርቲ ሚሎሼቪች በወደቀበት ዓመት ከምክር ቤት ውጭ መቅረቱ እስከ ዛሬ ያሳዝነኛል። በኋላም ብቻውን ቆሞ አላሸነፈም። ጥምረት ውስጥ እየገባ ጥቂት ወንበሮች ሲያገኝ ቆይቶ፣ ከ2014 ጀምሮ በኋላ የአገሪቱ ፕሬዝዳንት በሆነው በአሌክሳንዳር ቩቺች ፓርቲ በሚመራው ጥምረት ሥር ገባ። ይህን መንገድ የተቃወሙ አባላት በ2017 በዢካ ጎይኮቪች መሪነት ወጥተው የሰርቢያን ንጉሣዊ መንግሥት የመመለስ ንቅናቄን አቋቋሙ።

የዚህ አዲስ ንቅናቄ ታሪክ ጥያቄህን በቀጥታ የሚመልስ ይመስለኛል። በ2020 ምርጫ ስሙን ሳይሸፍን ለሰርቢያ ንጉሣዊ መንግሥት በሚል ዝርዝር ቀረበ፤ 2.7 በመቶ ገደማ ድምፅ አግኝቶ ምክር ቤት ለመግባት ከሚያስፈልገው የ3 በመቶ ገደብ ሥር ቀረ። ከዚያ ደግሞ በውስጡ ተከፈለ። በ2022 የቮይስላቭ ሚሃይሎቪች ወገን ከሰርቢያ ዴሞክራቲክ ፓርቲ ጋር ጥምረት ፈጥሮ ጥምረቱ 15 መቀመጫ ሲያገኝ፣ የጎይኮቪች ወገን ከወግ አጥባቂው ድቬሪ ንቅናቄ ጋር ሆኖ ጥምረቱ 10 አገኘ። አንድ ፓርቲ በአንድ ምርጫ በሁለት ወገን ተከፍሎ ገባ ማለት ነው። ዘውዱ አንድነት ያመጣል ብለው የሚሰብኩ ሰዎች እርስ በርሳቸው እንዲህ መለያየታቸው መራጩን እንዴት አያሳስበው?

መልስ፦ የሐይቅ ዳር ነዋሪ (ሐይቅ)

የኮምቦልቻው ወንድሜ የጻፉት ትክክል ነው፤ ነገር ግን ጉዳዩን የፓርቲ መሪዎች ጠብ ብቻ አድርገን ብንተወው ሥሩን እንስተዋለን። እኔ ሁለት ነገሮች ልጨምር።

የመጀመሪያው፣ ሰርቢያ አንድ ዘውድ ሳይሆን ሁለት ቤተሰብ የተፋለመበት ዘውድ ያላት አገር መሆኗ ነው። በ1804 በኦቶማኖች ላይ የተነሣውን የመጀመሪያውን ዐመፅ የመራው ካራጆርጄ ነበር፤ በ1815 ሁለተኛውን የመራው ሚሎሽ ኦብሬኖቪች ነበር። ሚሎሽ በ1817 ካራጆርጄን አስገደለው። ከዚያ ወዲህ አንዱ ቤት ሲነግሥ ሌላው ሲሰደድ፣ ከሰማንያ ዓመት በላይ ቆይቶ በ1903 መኮንኖች ንጉሥ አሌክሳንደር ኦብሬኖቪችንና ንግሥት ድራጋን በቤተ መንግሥታቸው ገድለው የካራጆርጄን ዘሮች፣ ካራጆርጄቪቾችን፣ መለሱ። ዛሬ በሰንደቁ ላይ ያለው ዓርማ በ1882 በኦብሬኖቪች ንጉሥ ዘመን የጸደቀው ነው፤ ዙፋኑን የሚጠይቀው ቤተሰብ ግን የካራጆርጄቪች ነው። ከሰገሌ ጦርነት ማግሥት በንጉሥ ሚካኤል ላይ የደረሰውን ከአባቶቻችን ስንሰማ ያደግን ሰዎች፣ የዙፋን ቁርሾ በአንድ ትውልድ እንደማይሽር ማንም አያስተምረንም።

ሁለተኛው የባሰ ነው፤ የጦርነቱ ትዝታ ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ለስደተኛው የዩጎዝላቪያ ንጉሥ ለጴጥሮስ ሁለተኛ የታመኑት ቼትኒኮች በድራዣ ሚሃይሎቪች ይመሩ ነበር፤ ከቲቶ ኮሚኒስት ተዋጊዎች፣ ከፓርቲዛኖቹ፣ ጋር ደግሞ የእርስ በርስ ጦርነት ገጠሙ። በ1946 አዲሱ መንግሥት ሚሃይሎቪችን በሞት ቀጣ። በ2015 የቤልግሬድ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ያንን ፍርድ ሰረዘ፤ ለአንዱ ወገን የዘገየ ፍትሕ ሆነ፣ ለሌላው ወገን፣ በተለይም ከቦስኒያና ከክሮኤሺያ ለሚመለከተው፣ የቆሰለ ትዝታን እንደገና መቀስቀስ ሆነ። ከላይ የተጠቀሱት ቮይስላቭ ሚሃይሎቪች የድራዣ የልጅ ልጅ ናቸው። እንግዲህ ንጉሡን የሚደግፍ ፓርቲ ንጉሡን ብቻ አይደግፍም፤ ከእርሱ ጋር የቼትኒኮችን ታሪክ ይዞ ይመጣል። አያቱ ፓርቲዛን የነበረ ሰርብ ለዘውዱ ጥላቻ ባይኖረው እንኳ ያንን ጓዝ ተቀብሎ ድምፁን ለመስጠት ይከብደዋል። እኔ ትልቁ እንቅፋት ይህ ነው ብዬ አምናለሁ።

መልስ፦ መርሳ መንገድ (ሰሜን ወሎ)

ከሁለታችሁም ብዙ ተማርኩ፤ በአንድ ነጥብ ግን አልስማማም። ፓርቲዎቹ የተዳከሙት ምልክቶቹ ስላሸነፉ ጭምር ነው።

መዝሙሩን እንመልከት። በ1872 ሲደረስ የተጻፈው ለገዥው የሚለመን ጸሎት ሆኖ ነበር። በንጉሡ ዘመን እግዚአብሔር የሰርብን ንጉሥና የሰርብን ሕዝብ እንዲጠብቅ ይለመንበት የነበረው መስመር፣ ዛሬ የሰርብን ምድርና የሰርብን ሕዝብ እንዲጠብቅ ይለምናል። ንጉሡ ወጣ፣ ምድሪቱ ገባች፣ የቀረው ሁሉ እንዳለ ቆየ። ምክር ቤቱ በ2004 ይህን መዝሙርና ዘውድ ያለበትን ዓርማ መለሰ። ይህ ሲደረግ ዘውዱ የአንድ ፓርቲ መሆኑ ቀረና የሁሉም ሆነ፤ የሪፐብሊኩ ደጋፊም ዘውዱን ደረቱ ላይ አድርጎ ኳስ ይመለከታል። ከዚያ ወዲያ አንድ ሰው ስለ ንጉሣዊ ቅርስ ያለውን ክብር ለመግለጽ ለተለየ ፓርቲ ድምፅ መስጠት አያስፈልገውም። ድምፁን የሚሰጠው ስለ ኮሶቮ፣ ስለ አውሮፓ ኅብረት፣ ስለ ደመወዙና ስለ ልጆቹ ስደት ለሚናገረው ፓርቲ ነው። በእነዚህ ጉዳዮች ደግሞ ዘውድ ደጋፊዎቹ ራሳቸው አንድ አይደሉም፤ ድራሽኮቪች ወደ ምዕራቡና ወደ ኔቶ ያዘነብላሉ፣ ከእርሳቸው የወጡት ደግሞ ወግ አጥባቂዎች ናቸው።

አልጋ ወራሹም ከፓርቲ ራሳቸውን ማራቃቸው ሌላው ምክንያት ነው። አሌክሳንደር ሐምሌ 17 ቀን 1945 በለንደን ክላሪጅስ ሆቴል ክፍል ቁጥር 212 ተወለዱ፤ በአገሩ ምድር ተወለደ እንዲባል የብሪታኒያ መንግሥት ክፍሉን ለዚያ ቀን የዩጎዝላቪያ ግዛት አደረገው ተብሎ ይነገራል። ዜግነታቸው በ1947 ተገፈፈ፣ በ2001 ተመለሰላቸው፣ በዚያው ዓመት በልደታቸው ቀን በቤልግሬድ ዴዲንዬ ሰፈር ወዳለው ቤተ መንግሥት ገቡ። ንጉሥ ከፓርቲ በላይ መሆን አለበት በማለት ፓርቲ አላቋቋሙም። በጎረቤት ቡልጋሪያ በልጅነታቸው ከዙፋን የወረዱት ስምዖን ሁለተኛ በ2001 የራሳቸውን ንቅናቄ መሥርተው ከ240 መቀመጫ 120 አሸንፈው ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነዋል፤ ዙፋኑን ግን አልመለሱም። አሌክሳንደር የመረጡት መንገድ ክብራቸውን ጠበቀ፤ ፓርቲዎቹን ግን ያለ መሪ ፊት አስቀራቸው። እኔ በእርሳቸው አልፈርድም። ንጉሥ ሆኖ ድምፅ የሚለምን ሰው ከተሸነፈ ምን ሆኖ ይመለሳል?

ጠያቂው፦ የጦሳ ልጅ (ደሴ)

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፤ ሦስታችሁም ከጠበቅሁት በላይ ደክማችሁልኛል። አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅ፦ የሰርቢያ ሕዝብ ስለ ዘውዱ በቀጥታ ተጠይቆ ያውቃል? በእኛ አገር ደርግ መጀመሪያ አልጋ ወራሹን ንጉሥ ይሆናሉ ብሎ ካወጀ በኋላ በ1967 ዓ.ም. መጋቢት ዘውዱን በዐዋጅ ሻረ፤ ሕዝቡን የጠየቀ አልነበረም።

መልስ፦ ከቦርከና ማዶ (ኮምቦልቻ)

አልተጠየቀም፤ የዘውድ ደጋፊዎቹ ጠንካራው ክርክርም ይኸው ነው። ጣሊያንና ቡልጋሪያ በ1946፣ ግሪክ በ1974 ሕዝበ ውሳኔ አድርገው ዘውዱን አስወገዱ። በዩጎዝላቪያ ግን በኅዳር 1945 የመሥራች ጉባኤ ምርጫ ተካሄደ፤ የቀረበው በኮሚኒስቶች የሚመራው የሕዝባዊ ግንባር ዝርዝር ብቻ ነበር። መራጩ የጎማ ኳስ በእጁ ይዞ ይገባና ከሳጥኖቹ በአንዱ ይጥላል፤ የግንባሩን ዝርዝር ያልወደደ ዝርዝር በሌለው ሳጥን ውስጥ ይጥላል። ኳሱ ሲወድቅ የሚሰማው ድምፅ ማን የት እንደጣለ ያጋልጣል የሚል ፍርሃት እንደነበረ ይነገራል። በዚያ የተመረጠው ጉባኤ ኅዳር 29 ቀን 1945 ዘውዱን ሻረ። ንጉሥ ጴጥሮስ ሳይመለሱ በ1970 በአሜሪካ ሞቱ፤ አጽማቸው በ2013 ወደ አገራቸው ተመልሶ የንጉሣውያኑ መቃብር ባለበት በኦፕሌናትስ ተቀበረ።

ዛሬ ይህን ለመለወጥ በ2006 የጸደቀው ሕገ መንግሥት ከ250ው የምክር ቤት አባላት የሁለት ሦስተኛውን፣ ማለትም የ167 ሰው ድምፅ ይጠይቃል፤ የመንግሥቱን መሠረታዊ መርሆዎች ስለሚነካ ደግሞ ሕዝበ ውሳኔ ግድ ይላል። እንግዲህ ሕዝቡ እንዲጠየቅ የሚፈልጉት ፓርቲዎች መጀመሪያ ሌሎች ፓርቲዎችን ማሳመን አለባቸው፤ በ2023 ምርጫ የእነርሱ ጥምረት ያገኘው ግን 13 መቀመጫ ነው። ጥምረቱ ውስጥ ያሉት ሁሉ ዘውድ ደጋፊ አለመሆናቸውንም በገለጻህ ላይ ጨምርበት፤ ካልሆነ አድማጮችህ ቁጥሩን ከሚገባው በላይ ይወስዱታል።