ካሜራ ይዞ የሚዞር እንግዳ ስለ ሌላው ሕዝብ መናገር ይችላል ወይ?

የካዛንቺስ ልጅ፦
ሰሞኑን የክሪስ ማርከርን ፊልሞች እያየሁ ነው። ለማያውቁት፣ በ1921 ተወልዶ በ2012 ያረፈ ፈረንሳዊ ነው (ሁሉም በአውሮፓ አቆጣጠር)። ቻይና፣ ሳይቤሪያ፣ እስራኤል፣ ኩባ፣ ጃፓን፣ ጊኒ ቢሳው ድረስ ሄዶ ቀርጿል። ዘጋቢ ፊልምን ከደብዳቤና ከግል ሐሳብ ጋር ቀላቅሎ የሚሠራ ሰው ነው፣ ችሎታው አያከራክርም። ግን እንግዳ መጥቶ፣ ቀርጾ፣ አገሩ ተመልሶ ስለ ሰዎቹ በራሱ ቋንቋ ሲተርክ ትክክል ነው? እኔ አይደለም ባይ ነኝ። እኛን ራሳችንን ዓለም በማን ካሜራ እንዳወቀን አስቡት።

ኤዲተሯ፦
ወንድሜ፣ እኔ በቅንብር ሥራ ነው የምተዳደረው፣ እና ማርከርን ከሌሎች ጋር አትደምርብኝ። የ1957ቱን የሳይቤሪያ ፊልም እይ። ያኩትስክ ከተማ ውስጥ አንድ አውቶቡስ ያልፋል፣ ሠራተኞች መንገድ ይደለድላሉ፣ አንድ ሰውዬ ካሜራው ፊት ለፊት ያልፋል። ይህንኑ ምስል ሦስት ጊዜ ያሳየናል። መጀመሪያ ሶቪየትን እያወደሰ፣ ቀጥሎ እያወገዘ፣ በመጨረሻ ደግሞ ወደ የትም ሳያጋድል ይተርካል። ሦስተኛውም ቢሆን እውነቱን አልያዘም ይላል። ተመልካቹን «ድምፄን ተጠንቀቅ» ያለ ሰው ነው። ስንቱ ጋዜጠኛ ነው ይህን የሚያደርገው?

የደሴው፦
ለዚህ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፣ በእኛው ላይ ሆኗል። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ በአውሮፓ 1973 የወሎን ረሃብ ቀርጾ በአገሩ ቴሌቪዥን አሳየ። ያ ፊልም ተደብቆ የነበረውን አደባባይ አወጣው፣ ይህን መካድ ነውር ነው። በእኛው 1967 ዓ.ም. በመስከረም 1 ማታ ደግሞ ደርግ ያንኑ ፊልም ከንጉሡ ግብዣ ጋር እያፈራረቀ ቆራርጦ በቴሌቪዥን ለቀቀው። በማግስቱ ጃንሆይ ከዙፋን ወረዱ። የተራበው ወገኔ በሁለቱም ፊልም ውስጥ ያው ነው። የተለየው ቆራጩ ነው። ስለዚህ የውጭ ሰው የውስጥ ሰው የሚለው ክርክር ብዙ አይዋጥልኝም።

የካዛንቺስ ልጅ፦
ጋሼ፣ ያሉት ልክ ነው፣ ግን ሐሳቤን የሚያጠናክር ነው። ወሎዬው በለንደንም በአዲስ አበባም ሌላ ሰው ነው ያወራለት። የያኩትስኩ ሰውዬስ? በሦስቱም ትረካ አፉን አልከፈተም። እህቴ፣ ሦስቱም ድምፅ የማርከር ነው።

ኤዲተሯ፦
ይህችን ተቀብያለሁ። ግን ሰውየው እዚያ አልቆመም። በአውሮፓ 1967 በፈረንሳይዋ ቤዛንሶን ከተማ የጨርቃ ጨርቅ ሠራተኞች አድማ መቱ፣ እሱና ባልደረባው ቀረጿቸው። ፊልሙ ለሠራተኞቹ ሲታይ ፊት ለፊት ወቀሱት። ትግላችንን አሳመርከው፣ ሴቶቹን ደግሞ የሚስት ቦታ ብቻ ሰጠሃቸው አሉት። ቢኮራ ኖሮ ጥሎ ይሄድ ነበር። እሱና ጓደኞቹ ግን ካሜራውን ሰጥተው አሠራሩን አስተማሯቸው። ከዚያ በኋላ ሠራተኞቹ ራሳቸው የሠሩት ፊልም ስለ አንዲት የሰዓት ፋብሪካ ሠራተኛ ሴት ነው። ቢሳውም እንደዚሁ። እዚያ የሄደው ከወጣት ፊልም ሠሪዎች ጋር ለመሥራትም ነበር፣ በ1983ቱ ፊልሙ ውስጥ ያለውን የቢሳው ካርኒቫል የቀረጸው የአገሩ ልጅ ሳና ና ንሃዳ ነው፣ ስሙም ተጽፏል።

የደሴው፦
እንዲህ ከሆነ እኔ በበኩሌ እንግዳውን ከየት መጣህ አልለውም። ካሜራውን ለማን ትተህ ሄድክ ነው የምለው።

የካዛንቺስ ልጅ፦
የቤዛንሶኑን አላውቅም ነበር፣ አመሰግናለሁ፣ ፊልሙን ፈልጌ አያለሁ። ያም ሆኖ የ1983ቱ ፊልም ላይ አንድ ነገር አልለቅ ብሎኛል። ገበያ ላይ ያለች አንዲት አፍሪካዊት ካሜራውን ቀጥ ብላ ታየዋለች። ትረካው ያ እይታ የቆየው 1/24 ሰከንድ፣ የአንድ ፍሬም (የፊልም አንድ ነጠላ ምስል) ያህል እንደሆነ ይናገራል። ፍሬሙን ቆጥሯል። ስሟን ግን አይነግረንም።