ክርክር፦ ምናባዊ ዓለም ለድምፅ ሕግ መገዛት አለበትን?

አወያይ፦ የክርክራችን መነሻ ከመካከላችን አንዷ ለወጣቶች እየጻፈችው ያለ ልቦለድ ነው። በታሪኩ ዓለም ሁለት ተራሮችን አየር የሌለበት ገደል ይለያቸዋል፤ ዜመኞች ትክክለኛውን ቃና ሲያወጡ ግን በመካከላቸው ያለው ርቀት ያጥራል። ይህን የሚያጠናው ትምህርት «ስፍረ ድምፅ» ተብሏል። ለተማሪ የሚጻፍ ልቦለድ የተፈጥሮን ሕግ እንዲህ መገልበጥ ይገባዋልን?

የፊዚክስ መምህር፦ አይገባውም። በክፍሌ ውስጥ በጠፈር የተጋጩ መርከቦች ፍንዳታ ይሰማል ብሎ የተሟገተኝ ተማሪ ያቀረበው ማስረጃ ፊልም ነበር። ድምፅ ማለት የሚገፋፉ ቅንጣቶች እንቅስቃሴ ነው፤ 20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በሆነ አየር ውስጥ በሰከንድ 343 ሜትር ያህል ይጓዛል፣ በውኃ ውስጥ ከአራት እጥፍ በላይ ይፈጥናል፣ ቅንጣት በሌለበት ግን የሚገፋው ነገር የለም። የሳይንስ ተመራማሪው ሮበርት ቦይል በ17ኛው መቶ ዘመን ሰዓት በብርጭቆ ውስጥ አንጠልጥሎ አየሩን ሲያስወጣ ቱክቱክታው እየሳሳ ጠፍቷል። ለልጅ ይህን ካስተማርን በኋላ በልቦለድ ማፍረሱ ምን ይጠቅማል?

ደራሲዋ፦ መምህር፣ በአክብሮት እለያለሁ። የሥነ ፈለክ ሊቁ ዮሐንስ ኬፕለር ፕላኔቶች ሲፈጥኑና ሲዘገዩ የሚያወጡትን ዜማ በኖታ ጽፎ ያሳተመው እ.ኤ.አ. በ1619 ነው። ለምድር የደረሳት «ሚ ፋ ሚ» ሲሆን፣ እርሱም ፊደላቱን ከላቲኑ «መከራ» እና «ረኃብ» ጋር አያይዞ ቀልዶባታል። ዛሬ ያን ዜማ እንደ ሳይንስ የሚቆጥረው የለም። ነገር ግን ተማሪዎችዎ የሚያጠኑት፣ ፕላኔት ከፀሐይ ያላትን ርቀትና የምትዞርበትን ጊዜ የሚያያይዘው ሦስተኛው የኬፕለር ሕግ የታተመው በዚያው መጽሐፍ ውስጥ ነው።

የፊዚክስ መምህር፦ ኬፕለርን ካነሱ ሙሉውን ያንሱ፤ በሰማይ የሚሰማ ድምፅ እንደሌለ፣ ስምምነቱም ለጆሮ ሳይሆን ለአእምሮ እንደሆነ የጻፈው ራሱ ነው። ከዚህም በላይ ቁጥሮቹን ከሰማይ ተመልካቹ ከቲኮ ብራሄ ምልከታዎች ጋር ሳያመሳክር አላለፈም።

የዜማ ተማሪ፦ እኔ ከሌላ በር ልግባ። በትውፊታችን ቅዱስ ያሬድ ሲዘምር ንጉሥ ገብረ መስቀል ተመስጦ በጦሩ የያሬድን እግር ወግቷል፤ ይህም ለሁለቱም የታወቃቸው ዜማው ካበቃ በኋላ ነው። ይህን ከልቦለድ ጋር አላስተካክልም፤ የእምነት ታሪክ ነውና። ነገር ግን ልብ በሉ፣ እዚያም እንኳ ዜማው ሲያበቃ ደሙ አለ፣ ቁስሉም አለ። በእህታችን ረቂቅ ያጣሁት ይህንን ነው፤ ዜመኞቿ ተራራ አቀራርበው ጉሮሯቸው እንኳ ሳይደርቅ ይሄዳሉ።

ሌላ ተሳታፊ፦ በዚህ እስማማለሁ፤ እንግዳ ሕግ ለመፍጠርም ከእውነታው መሸሽ አያስፈልግም። እ.ኤ.አ. በ2021 ማርስ ላይ ያረፈችው የናሳ ተሽከርካሪ ፐርሰቪራንስ በማይክሮፎኗ ከቀረጸቻቸው ድምፆች እንደተረዳነው፣ እዚያ ድምፅ በሰከንድ 240 ሜትር ገደማ ሲጓዝ ቀጭኑ ከወፍራሙ በ10 ሜትር ያህል ይፈጥናል። እስቲ አስቡት፣ ጸናጽሉና ከበሮው አብረው ተመተው ጸናጽሉ ቀድሞ ሲደርስ!

የፊዚክስ መምህር፦ እውነት ነው፤ ሆኖም የማርስ አየር ግፊት ከምድር አንድ በመቶ ስለማይሞላ ጸናጽሉ ሩቅ ሳይሄድ ይጠፋል። ወደ ገደሉ እንመለስና፣ አየር ከሌለ ዜማውን የሚሸከመው ማን ነው?

ደራሲዋ፦ ዓለቱ ይሸከመው። ተራሮቹ ከገደሉ ግርጌ የተያያዙ ናቸው። ዜመኛዋ መቋሚያዋን በድንጋዩ ላይ ተክላ ግንባሯን ታስደግፍበታለች፤ በማዶ ያለችውም እንዲሁ። ወፍራሙ ድምፅ ከቀጭኑ ዘግይቶ ከደረሰ ደግሞ ተራራው ተጣምሞ ይቀርባል፣ የሚሻገሩት ሰዎችም ይወድቃሉ። የዜማ ተማሪው የጠየቀኝ ዋጋ ይኸው። ሦስተኛውን ምዕራፍ እንደገና እጽፈዋለሁ።

የፊዚክስ መምህር፦ ዓለት ከሆነ ተቃውሞዬን በከፊል አነሣለሁ፤ በጠንካራ ዓለት ውስጥ ድምፅ ከአየሩ አሥር እጥፍና ከዚያ በላይ ይፈጥናልና። መድረሱን ተቀብያለሁ። ርቀቱ ለምን እንደሚያጥር ግን እስካሁን አልነገሩኝም።

ደራሲዋ፦ እርሱን የስፍረ ድምፅ ሊቃውንትም እየተከራከሩበት ነው።