የኩሪሺማ ሱሚኮን ፊልሞች ከየትኛው ልጀምር?

ጥያቄ፦
ሰላም ለሁላችሁ። የጃፓን ድምፅ አልባ ፊልም ተዋናይት የኩሪሺማ ሱሚኮን ሥራዎች በቅደም ተከተል ማየት ፈልጌ በዋና ተዋናይነት የጀመረችበትን የ1921ዱን (እ.ኤ.አ.) ፊልም አጣሁት። ከእሷ በፊት ሴት ተዋናይ አልነበረችም የሚባለውስ እውነት ነው? በዘመኑ ፊልሞች ላይ ፊታቸው እንደ ኖራ ነጥቶ ከንፈራቸው የሚጠቁረው ለምንድን ነው?

መልስ 1፦
በቅደም ተከተል ማየቱ አይሳካም። ቶኪዮ ካማታ ሰፈር የነበረው የሾቺኩ ፊልም ኩባንያ ስቱዲዮ በ1920ዎቹ ከሠራቸው አብዛኞቹ ጠፍተዋል። በ1933ቱ የዳይሬክተር ናሩሴ ሚኪዮ «የየሌሊት ሕልም» ጀምር። በወደብ ሰፈር ቡና ቤት እየሠራች ልጇን የምታሳድግ እናት ሆና ትጫወታለች፤ ጥሏት የሄደው ባሏም ይመለሳል። ካሜራው ድንገት ወደ ፊቷ ሲንደረደር ልብ በል፤ ፊልሙን የምትሸከመው በዓይኗ ነው። ቀጥሎ ድምፅ ያለውን የ1937ቱን የዳይሬክተር ኦዙን ፊልም፣ ከዚያም ከዓመታት ዕረፍት በኋላ የተመለሰችበትን የ1956ቱን የናሩሴን «ናጋሬሩ» እይ። ፊልሞቿን ስትፈልግ ስሟን ገልብጠህም ሞክር፤ ኩሪሺማ የቤተሰብ ስም ስለሆነ አንዳንድ ዝርዝር ላይ ሱሚኮ ይቀድማል።

መልስ 2፦
የመጀመሪያዋ እሷ አይደለችም። በ1918 ተቀርጾ በ1919 በታየው የዳይሬክተር ካኤሪያማ ኖሪማሳ ፊልም ላይ ተዋናይት ሃናያጊ ሃሩሚ ቀድማታለች። ነገሩ የሚጀምረው ሴቶች ካቡኪ ከሚባለው የጃፓን ባህላዊ ቴአትር መድረክ ከታገዱበት ከ1629 ነው። የሴት ገጸ ባሕርይ የሚጫወቱት ወንዶች ነበሩ፤ በፊልም ዓለም ኦያማ ይባላሉ። ካሜራው ከሩቅ ተተክሎ ሳይነቃነቅ፣ ቤንሺ የሚባለው ተራኪ ከስክሪኑ ጎን ቆሞ ድምፅ እየሰጠ እስካለ ድረስ ችግር አልነበረም። ካሜራው ሲቀርብ ግን የአገጭ አጥንት፣ የጉሮሮ እንቡጥና የእጅ ስፋት ይጋለጣል። ሾቺኩ በ1920 ስቱዲዮውን ሲከፍት ሴቶችን ያሠለጠነው ለዚህ ነው። ኩሪሺማን በ1921 ያቀረባት ዳይሬክተር ሄንሪ ኮታኒም ሙያውን ሆሊውድ የተማረ ሰው ነበር። ተፎካካሪው የፊልም ኩባንያ ኒካትሱ ኦያማዎቹን ጥቂት ዓመት አቆይቷቸዋል፤ ከእነሱ አንዱ ኪኑጋሳ ቴይኖሱኬ በኋላ ትልቅ ዳይሬክተር ሆነ።

መልስ 3፦
ስለ ፊቱ፦ የዘመኑ ጥሬ ፊልም ሰማያዊን አብዝቶ ያነጣል፣ ቀይን ግን አያይም። ቀይ ሊፕስቲክ ጥቁር ሆኖ ይወጣል፣ ቀላ ያለ ቆዳም ይጠቁራል። ስለዚህ ፊት በነጭ ዱቄት ይቀባል። ቀለሙን ሁሉ የሚያይ ፊልም በ1920ዎቹ መጨረሻ ሲስፋፋ ቅቡ ቀለለ።

ሰዎቹ የሚሮጡ ከመሰለህ ደግሞ ፍጥነቱን አስተካክል። በእጅ የሚዞር ካሜራ ብዙ ጊዜ በሰከንድ ወደ 16 ምስል ይቀርጽ ነበር። 300 ሜትር ያህል የሚሆን አንድ ጥቅል በ16 ሲሄድ ከ16 ደቂቃ በላይ ይፈጃል፤ በኋላ በተለመደው የ24 ፍጥነት ሲሄድ ግን በ11 ደቂቃ ያልቃል። ቪዲዮ ማጫወቻህን 0.67 ላይ አድርገው። ከዚያ በፊት ግን የሚራመድ ሰው ተመልከት፤ እርምጃው ልከኛ ከሆነ ቅጂው ቀድሞ ተስተካክሏልና አትንካው፣ አለዚያ የኩሪሺማ ፊት የሚለዋወጥበት ቅጽበት ይንዛዛል።