የጤፍ ውቂያን በፊልም ለመቅረጽ፦ ተዋናይ ወይስ የአገሬው ሰው?

ጠያቂ (ጀማሪ አዘጋጅ)፦
ጤና ይስጥልኝ። በጎጃም ገጠር አንድ ገበሬና ልጁ በጤፍ ውቂያ ሰሞን የሚያሳልፉትን ሦስት ቀን የሚተርክ የ25 ደቂቃ ፊልም ጽፌያለሁ። ወጪውን የምንሸፍነው እኔና ሁለት ጓደኞቼ ነን። ጽሑፉን ያነበቡ ሰዎች የታወቁ ተዋንያንን ከአዲስ አበባ ይዤ እንድሄድ ይመክሩኛል፤ እኔ ግን ትናንት ከሱቅ የተገዛ ጋቢ ደርቦ ሞፈር የሚጨብጥ «ገበሬ» ስለ ሰለቸኝ ከአገሬው ሰዎች ጋር ልሠራ አስባለሁ። ይህ ያዋጣል? ቀረጻውን ለየካቲት መያዜስ ትክክል ነው?

ምላሽ (የፊልም መምህር)፦
ያዋጣል። ኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን እ.ኤ.አ. በ1974 በ16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም የቀረጸው በአሜሪካው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሎስ አንጀለስ (ዩሲኤልኤ) ተማሪ ሳለ ነው፤ የተጫወቱለትም በሙያው ያልሠለጠኑ ሰዎች ናቸው። ፊልሙ ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ይሄዳል (መጀመሪያ ያየሁት ጊዜ አንቀላፍቼበታለሁ፤ የገባኝ በሁለተኛው ነው)፤ ሰው ሥራውን እየሠራ ሳለ ካሜራው አይቸኩልም። የእኔ ምክር አንድ ነው፦ ቃለ ተውኔቱን አያስጠኗቸው። አዲስ አበባ ተቀምጠው የጻፉትን ወረቀት ለገበሬው ቢሰጡት እንደ ደብዳቤ ያነብልዎታል፤ ጉዳዩን ቢነግሩት ግን በራሱ አንደበት ይናገረዋል።

ምላሽ (የገበሬ ልጅ)፦
እስከ የካቲት ከቆዩ ውቂያው ሊያመልጥዎ ይችላል። ጤፍ በኅዳርና በታኅሣሥ ታጭዶ ይከመራል፤ በእኛ አገር ውቂያው ብዙ ጊዜ ጥር ሳይወጣ ያልቃል። ቀድመው ከሄዱ አውድማው በእበት ሲለቀለቅ ይደርሳሉ። በሬዎቹ ካበራዩ በኋላ ምርቱን ከገለባው የሚለየው ነፋስ ነው፤ ነፋስ እንቢ ያለ ቀን አባቴ መንሹን ተደግፎ ቅጠል ቅጠሉን ሲያይ ይውል ነበር። «እስኪ አንዴ ይድገሙልኝ» ማለትም አይችሉም፤ የተወቃ ነዶ ተመልሶ ነዶ አይሆንም። የእኔ ሥራ በሬው ጭራውን ባነሳ ቁጥር ጭድ ታቅፌ መሮጥና እበቱን እህሉ ላይ ሳያርፍ መቀበል ነበር። ስንት የገጠር ፊልም አይቻለሁ፤ ይህን ያሳየኝ የለም። ለወንፈል የመጡትንም አይርሱ፤ ካሜራ ሲያዩ ሥራ መፍታታቸው ስለማይቀር፣ የተጓደለውን የቀን ሥራ አስቀድመው ከባለቤቱ ጋር ተነጋግረው ይክፈሉ።

ምላሽ (ድምፅ ቀራጺ)፦
ለምርቱ የሚመኙት ነፋስ ለድምፅ ጠላት ነው። ለማይክሮፎንዎ ፀጉራም የነፋስ መከላከያ ይያዙ፤ በሬዎቹን የሚነዱበትን ዜማም ካሜራው በቆመበት ሰዓት ለብቻው ይቅረጹ።

ጠያቂ፦
እግዜር ይስጥልኝ። ጉዞውን ወደ ታኅሣሥ መጨረሻ አምጥቼዋለሁ። በጽሑፌ ውስጥ ልጁ ክምር ላይ ተቀምጦ አባቱን ዝም ብሎ የሚያይ ነበር፤ አሁን ጭድ ታቅፎ ከበሬዎቹ ኋላ ይሮጣል።